የታይስቶ መሳቢያ

ታይስቶ አርባ ዓመት ወረቀት ጠቀለለ፣
ፊንላንድ፣ ከሐይቁ ዳር ፋብሪካ እየዋለ።
ዓይኑን ጨፍኖ ዳብሶ፣ ክብደቱን በግራም
ይነግርህ ነበር፤ ጋግሮበት ግን አያውቅም።

ዛሬ የልጅ ልጁ የስሟ ቀን ደረሰ፤
ሊጥ አቡክቶ፣ ሄል ነስንሶ፣ እጁን በሽርጥ አበሰ፣
መሳቢያውን ሳበ። ሦስት ጥቅል። ሁለቱ ነጭ፣ አንዱ ብርማ።
ከነጮቹ አንዱን አነጠፈ፤ ማንንም ሳይጠይቅ፣ ማንንም ሳይሰማ።

ሩብ ሰዓት አልሞላም፣ ጢስ በሩን አለፈ፤
ሰሙ ቀልጦ ፈሰሰ፤ ወርቁ ሊጥ ሆኖ ተረፈ።
ሄለቪ፣ ፎቅ ላይ ያለችው፣ በነጠላ ጫማ ወረደች፣
መስኮቱን በረገደችና «ሻማ ነው የጋገርከው?» አለች።

«ይሄ ለአይብ ነው፣ ለቅቤ፤ ብርድ ነው አገሩ።
ብርማው ለተረፈ ጥብስ፤ ሎሚና ቲማቲም ግን አይደሩ፣
በስተውት ይወጣሉ።
ለምድጃ ይሄኛው፤ ሲሊኮን የጠጣው፣
ሊጥ የማይጣበቀው፣ ግለት የማይቀጣው።»

ተቀበላት። በአውራ ጣቱና በሌባ ጣቱ መሃል አሸው።
ዝም።
ሄለቪ የተቆጣ መሰላት።
«አርባ አንድ ግራም» አለ። «የሦስተኛው ማሽን ነው። የኔ።»

እንደገና አቦካ። በርጩማ አስጠግቶ
ምድጃው መስታወት ፊት ቁጭ አለ፣ መነጽሩን ሰክቶ፤
ሊጡ ሲነፋ፣ ጀርባው ሲቀላ አየ፣
ስልክ ጮኸ፣ አላነሣም፤ እዚያው ቆየ።

ዳቦው ሲወጣ ልቅም ብሎ ለቀቀ።
ሄለቪ ወረቀቱን ልትጥል እጇን ዘረጋች።
ከለከላት።
ቅቤ እንደ ወዛ አራት አጠፈው፣
የመነጽሩ ማኅደር ውስጥ ከተተው።