የአንሶላው ሲኒማ

ሮላ፥ ሻርጃ፥ ነሐሴ። ሌሊቱ ራሱ ያልበዋል።
ሰዓዳ ይመር ከልብስ ስፌት ስትመለስ
መርፌዋን ከደረቷ አትነቅልም፤
ሌላ ሥራ አላት።

ከአሮጌ ዕቃ ገበያ፥ በሃያ ድርሃም፥
አንድ ጥቅል ፊልም ገዛች፤
የማን ሰርግ እንደሆነ አይታወቅም፥
ቀለሙ ወደ ሐምራዊ ሸሽቷል፥ ሙሽራዋ ፊት የላትም።
ሰባት ቀን በባሕር ውሃ ዘፈዘፈችው፤
ጨው የበላውን በላ፥ ያስቀረውን አስቀረ።
የተረፈውን ወጥ ቤት ወለል ላይ ቁጭ ብላ
ፍሬም በፍሬም በመርፌ ጫረችው፤
ለአንዲት ሰከንድ ሃያ አራት ጭረት።

«ምን እየሳልሽ ነው?» አልኳት።
«አልሳልም፤ እየፋቅሁ ነው። እንዲያልፍ።»
«ምኑ?»
መልሷ መርፌው ነበር፤ ኪርር፥ ኪርር።

አያቷ፥ ወረሂመኖ፥ መንዙማ አውጪ ነበሩ።
ድቤው ሲግል፥ ተቀባዩ ሲነድ፥
ድንገት ድምፃቸው ይነጥፍና
ከንፈራቸው ብቻ ይሄዳል።
እሷ ያኔ ሕፃን፥ ከጫማዎቹ ክምር ዳር፥
ከዚያ ከንፈር ያነበበችው ይኼን ብቻ፦

    «ፊትህን ባላየው፥ ያየህን አየሁት፤
    ውሃ ባይደርሰኝም፥ እንስራውን ሳምሁት።»

ዓርብ ሌሊት ጣሪያ ወጣን።
ሸራ የለንም፤ የእኔን አንሶላ
በአራት መቆንጠጫ ከዲሽ እስከ ዲሽ ወጠርነው።
ኩንጁሞን ፕሮጀክተሩን ከቤተ ክርስቲያኑ ተውሶ መጣ፤
ዙልፊከር ባልዲ ገልብጦ ተቀመጠ።
ድምፅ የለውም ፊልሙ። ኤሲዎቹ ያጉረመርማሉ፤
ለድቤ በቅተዋል።

ሦስት ደቂቃ ከምናምን።
ብርሃን ይንጠባጠባል፥ ጨው ይፈላል፤
ከጭረቱ ሥር የሙሽራዋ እጅ
አንዴ ብቅ፥ አንዴ ጥልቅ፤
ይጥራ ይሰናበት አልለየም።
«ዝናብ ነው» አለ ዙልፊከር፤ የወንዛቸውን ስም ጠራ።
«የእናቴ ፀጉር» አለ ኩንጁሞን፤ ወዲያው አፈረ።
ከኋላ አንዱ ታሪኩን ጠየቀ።
ሰዓዳ አልሰማችውም፤
ጀርባዋን ለአንሶላው ሰጥታ
እኛን ነበር የምታየው፤
ፊታችን ላይ የሚሄደውን።

እኔ? እኔ ምንም አላየሁም።
እውነቱን ልናገር፥ እንቅልፌን ነበር የማሰላው፤
አሥራ አንድ ሰዓት የማዳሜ በር ይጠብቀኛል።

ሲያልቅ አንሶላዬን አወረድሁ፥ አነጠፍሁ፥ ተኛሁ።
ግን ጎኔን ባዞር
ከሥሬ የሆነ ነገር ይጭራል።
ዳበስሁ። ጨርቅ ነው፥ ደረቅ ነው፤
አራቱ የመቆንጠጫ ንክሻዎች ብቻ።
አልጋው ይንቋቋል፤ ሌሎቹ እንዳይነቁ
ትንፋሼን ውጬ፥ ጎንበስ ብዬ
ሳምሁት።

ኦሞ ኦሞ ይሸታል።