ሰባት ደቂቃ

ከእሪ በከንቱ ዳገት፣ ከወርቅ ቤቶቹ ጀርባ፣
ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው፤ ደረጃው የሚንገዳገድ፣ ጣሪያው የሚያነባ።
(ለሰፈሩ ስሙን ያወጣሁለት እኔ አይደለሁም።)
ሠላሳ ዓመት ሙሉ የሰው ፊት ያከማቸሁባት፣
ቴፕ በካርቶን፣ ካርቶን ባልጋ ሥር፣ አልጋው በቴፕ የቆመባት፤
በሯ ላይ ትናንት በቀይ ቀለም ቁጥር ጻፉባት።

ካሜራ ተሸክሜ ያልረገጥኩት የለ፤
መሬቱን የተነጠቀ፣ ስሙ የተሰረዘ፣ «የልማት ተነሺ» የተባለ፣
ሁሉን ቀርጬዋለሁ። ሸልመውኛልም።
አንዱ ዋንጫ ዛሬ የበር መደገፊያ ነው፤ ሌላ ጥቅም የለውም።

ካርቶን ሳሽግ ነበር ራውዳ ስትመጣ፤
ከጣና በአውቶብስ፣ ካውቶብስ ተራ በእግሯ፣ ፀሐይ ሳትወጣ።
«የሰይድ ልጅ ነኝ» አለች፤ «የታንኳ ሠሪው።»
አወቅሁት፤ ፊልሜ መክፈቻ ላይ ያለው፣ ደንገል አሳሪው፤
ሃያ ሁለት አገር ፊቱ የዞረው፣
እሱ ግን አንድም ቀን ያላየው።

«ዐረፈ። ከማረፉ በፊት አንድ ነገር ነገረኝ፤
‹ለዚያ ባለካሜራ ያያቴን ቃል ሰጥቼዋለሁ፤ ሂጂ፣ ተቀበይልኝ›።»

ትዝ አለኝ። አመሻሽ ነበር።
ስለ ጠፋው ቋንቋቸው ስጠይቀው፣
«አያቴ ጉማሬን የሚጠራበት ቃል ነበረው» አለና ዝም፤
ዝም፤
ሰባት ደቂቃ ዝም።
እኔም ፊልሙን ስሠራ ዝምታውን ቆርጬ ጣልኩት፤
ተመልካች አይታገሥም ብዬ፣ በሙዚቃ ተካሁት።

ካርቶኑን ገለበጥን። ቁጥር አርባ አንድ፣ አቧራ የለበሰ፤
ማጫወቻው ሁለቴ አኘከው፣ በሦስተኛው መለሰ።
ሰይድ መጣ። ከኋላው ውሃ። እጁ ጉልበቱ ላይ።
አንድ ደቂቃ። ሦስት። አምስት። ዝንብ ግንባሩ ላይ።
በስድስተኛው ዓይኑ ራቀ፣
በሰባተኛው ከንፈሩ ተላቀቀ፣
ተናገረ፤
ድምፁ ግን ቴፑ ላይ አልሰፈረ፤
ባትሪ ልቆጥብ ብዬ፣ ማይኩ ጠፍቶ ነበረ።

ከታች ኤክስካቫተሩ የጎረቤት ግድግዳ ነከሰ፤
ይቅርታ ልል አፌን ከፈትኩ፤ ቃሉ ከጉሮሮዬ ተመለሰ።
ራውዳ አላየችኝም። «መልሰው» አለች፤ መለስኩ።
«መልሰው።» እንደገና አጠነጠንኩ።
ዘጠኝ ጊዜ ይሁን አሥር፣ መቁጠሩን ተውኩ።
ከዚያ የሷም ከንፈር ከሱ ጋር ሄደ፤ ተከፍቶ፣ ተገጥሞ፣ ተከፍቶ፤
አንድ ቃል፣ ያለ ድምፅ፣ ከልጅነቷ ጓዳ ወጥቶ።

«ምን አለ?» አልኳት፤ ሠላሳ ዓመት የጠየቀ አፍ፣ ልማዱ፤
እጄም ሳላዘው ወደ ካሜራው መንገዱ።
አየችኝ። ሳቅ የመሰለ ነገር በጥርሷ።
«አንተን አይመለከትም» አለች፤ ቴፑን አወጣች ራሷ፤
በሻርፗ ጠቅልላ፣ ያን የሚንገዳገድ ደረጃ ወረደች።

በመስኮት አየኋት፤ በፍርስራሹ መሃል ቆርቆሮ እየረገጠች
ለራሷ አንድ ነገር ትላለች፣
ትደግማለች፣
ወደ ቸርችል ጎዳና ታጠፈች።

ካሜራው ጠረጴዛው ላይ ነበር። አላነሳሁትም።