ወደ ወለንጪቲ መውጫ

ከአዳማ ወጣ ሲሉ፣ የጅቡቲው መንገድ ሊቀና ሲል፣
አሮጌ ጎማ ተሰቅሏል፣ በነጭ ቀለም «ጎሚስታ» የሚል።
እዚያ ነው የከረምኩት፣
ከጥቅምት አቧራ እስከ ሚያዝያ ሙቀት፣
ካሜራዬን በፌስታል ጠቅልዬ፣
«ጥቂት ቀን ነው» ብዬ።

በመጀመሪያው ሳምንት ሁሉም ለኔ ሳቁ፤
ፀጉር አበጠሩ፣ ከክሪኩ ራቁ፣
ጉርሜሳ የወንድሙን ሸሚዝ ለብሶ መጣ።
ያነሣሁትን ሁሉ ደመሰስኩት ማታ።

በሁለተኛው ወር ካሜራው ተረሳ።
«ፎቶዋ፣ ያን ክሪክ!» ሲሉኝ ማቀበል ለመድኩ፣
ማስቲሽ ማስቲሽ ሸተትኩ፣
ከተሳቢ ሥር ካርቶን አንጥፌ ተኛሁ፣
የሲኖትራክን ሳል ከሩቅ ለየሁ።

የራሳቸው ሕግ አላቸው፦
ሌሊት የመጣ ጎማ ሳይፈታ ዋጋው አይጠራም፤
ሾፌሩ ካንቀላፋ አይቀሰቀስም፣ ወረፋው ይጠብቀዋል፤
የመጀመሪያውን ሻይ የሚጠጣው
በዚያ ሌሊት ብረት እጁን የላጠው ነው።
ቋንቋም አላቸው፣ ግማሹ ኦሮምኛ፣ ሩቡ ከጣልያን የተረፈ፣
የቀረው ፉጨት።

ነጂብ ግን አይናገርም።
ከመነዳሪውን ነፍቶ በርሜሉ ውኃ ውስጥ ይነክረዋል፣
ሕፃን እንደሚያጥብ ሰው ቀስ አድርጎ ያዞረዋል፣
ጆሮውን ወደ ውኃው ያዘነብላል።
አረፋ ሲወጣ በጠመኔ ያከብበዋል።
«ደረቁ ላይ ቁስሉን አታገኚውም» አለኝ አንድ ቀን፣
ከዚያ በኋላ ለሳምንት ዝም።

በግንቦት ፎቶዎቼን ሰቀልኩ፣ በወጣት ማዕከሉ አዳራሽ።
እንግዶቹ የውኃ ፕላስቲክ እንደያዙ፣
«እንዴት ያለ ፊት! እንዴት ያለ ብርሃን!» እያሉ ተጓዙ።
ጎሚስቶቹ የመጡት መሸት ሲል ነው፣
እጃቸውን በኦሞ ፈትገው፣
በሩ ላይ ጥቂት ተገፋፍተው።

ፊታቸውን አላዩም።
ያዩት ጎማውን ነበር።
«ይቺ የአሰግድ ናት» አለ ጉርሜሳ፣
«መተሐራ ላይ የፈነዳችው።
ሦስት ልጥፍ ነበራት፣ ቀይሪያት ብንለው... ቀይራት ብንለው
‹ደርሼ ስመለስ› ብሎን ሄደ።»
ዝም አሉ።
አሰግድ በመጋቢት ሚሌ ሳይደርስ ቀርቷል።
እኔ ከሥዕሉ ግርጌ የጻፍኩት
«ድካም፣ ቁጥር ሰባት» ነበር።

ነጂብ ከሁሉም ኋላ ቀረ።
ትልቁ ፎቶ ፊት ቆመ፣ ሁሉም የወደደው፣
ሌንጮ በርሜሉ ላይ ጎንበስ ያለበት።
ከመሬቱ ጥግ የኔ ጥላ አለ፣
ክርኑ የተነሣ፣ ያጋደለ፣
ቆርጬ ላወጣው አስቤ ሰንፌ የተውኩት።
ረጅም ጊዜ አየ፤
ጆሮውን እንኳ ያዘነበለ መሰለኝ።
ከኪሱ ጠመኔ አወጣ፣
በጥላዬ ዙሪያ ክብ ሠራ፣
ብናኙን በሱሪው ጠርጎ
«እዚህ ጋ» አለኝ፣ «ይተነፍሳል»።