የማድ ቤት ዐረብኛ

የኔ ዐረብኛ ከማድ ቤት አያልፍም፤
አምጪ፣ እጠቢ፣ ፍጠኚ፤ ለሕመም አይተርፍም።

ማናማ፣ ሦስተኛ ፎቅ፣ የፕላስቲክ ወንበር፣
ከመስኮቱ ማዶ አቧራ የለበሰ ባሕር።
ካርዱ ላይ ሊሊ ይላል፤ ማዳም ያወጣችልኝ፤
ከሚሴ የቀረችው ሰዓዳ ዛሬ ብታየኝ አታውቀኝ።

«የት ጋ ነው የሚያምሽ?» አለኝ ዶክተር ሐይደር፤
«በጥኒ» አልሁት። ሆዴን። ሆድ ብሶኝ ነበር።

ጻፈ፦ ሆድ።
ወደ ታች ላከኝ። ጨለማ ክፍል ውስጥ ቀዝቃዛ ቅባት ቀብተው፣
«ንጹሕ ነው፣ ምንም የለበትም» አሉ በስክሪን አይተው።

ምንም!
አባቴ መሞቱን በስልክ ሰምቼ፣
ለእንግዶች ሩዝ ያቀረብሁት ፊቴን ታጥቤ ወጥቼ፣
ያ ቀን እንኳ የለም። እንደ ምስር ፍሬ
ጠቁሮ ይታይ መስሎኝ ነበር፣ ስመጣ ዛሬ።
«ሆድ ይፍጀው» ሲባል ሰምቼ፣ እዚያ ነበር ያስቀመጥሁት፤
ፈጅቶት ይሆን? መሣሪያ ይዘው ፈልገው ያጡት።

በሳምንቱ ስመለስ ውጤቱን አየ፣ እኔን አየ፤
እስክርቢቶውን አስቀምጦ ዝም ብሎ ቆየ።
ኮሪደር የምትወለውለዋን ብርነሽን ጠይቆ ኖሯል፤
«ሖድ ባሰኝ» አለኝ ከጉሮሮው፤ ቃሉን አንቆታል።

ሳቅሁ። ሳቅ ካመለጠኝ አራት ዓመት፤
መሐሉ ላይ ግን እንባ ገባበት።

እሱ አላባበለኝም።
የሶፍቱን ካርቶን ገፋ አደረገልኝ፤ ሌላ ምንም አላለኝም።

ማዳም ታች ሆና፣ መኪናዋን አስነስታ፣
«ምኗን ነው? መቼ ትሠራለች?» አለች በስልክ፣ ሰላምታ እንኳ ረስታ።

አየኝ። ወደ መስኮቱ ዞረ፤
ማድ ቤት በማይገባ ዐረብኛ ቀስ ብሎ ተናገረ።
ከዚያ ሁሉ አንዲቱን ቃል ለይቼ አወቅኋት፤
«በጥንሃ» አላት።
ሆዷን።
«በየማክሰኞው ትምጣ፣ ገና ነው» አላት።

ማዳም መንገድ ላይ ቆማ የሆድ ሽሮፕ ገዛችልኝ፤
ሙዝ ሙዝ ይላል። ማክሰኞ እስኪደርስ
በማንኪያ እየለካሁ፣ ጣፈጠኝ።