ቃለ ጉባኤው ላይ ያልሰፈረ

እሑድ ስምንት ሰዓት፣ ከብሎክ ሰላሳ አራት ደጅ፣
ተሰብስበን ነበር፤ ኮሚቴ፣ ተከራይ፣ ባለቤት፣ ልጅ።
አጀንዳው ሦስት ነው፣ ጸሐፊዋ እኔ ነኝ፤
የኮዬ ፈጬ ነፋስ ደብተሬን እየገለጠ አስቸገረኝ።

አንድ፦ ፓምፑ ተቃጥሏል። (አዘንን።)
ሁለት፦ ዘበኛችን ኦቦ ዲንሳ ጭማሪ ጠይቀዋል። (ለሚቀጥለው አስተላለፍን።)
ሦስት፦ «ልዩ ልዩ፤ የሌሊት ወፎችን በተመለከተ።»
አንቺን እዚያ ከተቱሽ፣
ከቆሻሻው ገንዳና ከአራተኛ ፎቅ ውሻ ጋር ደረቡሽ።

ጥፋትሽ ማደርሽ ነው፣
ሁለቱ ሕንፃዎች ትከሻ ለትከሻ በተጠጉበት፣
መሐንዲሱ አውቆ በተዋት፣ ሁለት ጣት በምታህል ክፍተት።

«ፀጉር ላይ ከተጣበቀች በምላጭ እንጂ አትለቅም፤
ግብር ሲሉ አይጥ ነኝ፣ ድግስ ሲሉ ወፍ ነኝ ያለች አትታመንም»
አሉ ወይዘሮ ዝማም።
ከኋላ አንድ ሰው ሳቀ። እጅ ወጣ፤ ተቆጠረ።
ከየቤቱ ሃምሳ ብር፤ ሙራድ ግንበኛው
ማክሰኞ ጠዋት በሲሚንቶ ሊደፍነው ተቀጠረ።

ሰኞ ማታ መብራት ጠፋ፤
ከቱሉ ዲምቱ እስከ ቂሊንጦ የመንደሩ ዓይን ጠፋ።
በረንዳ ላይ ባልዲ ይዤ ውኃ ስጠብቅ፣
ከቧንቧው ያጣሁት ጠብታ ጀመረ ከስንጥቁ ሊወድቅ፤
ጠብ፣ ጠብ፣ ጠብ፤
መሬት ሳይነካ ወደ ሰማይ የሚታጠፍ ጠብታ።
አርባ አንድ ላይ ስደርስ ቁጥሩ ጠፋኝ ለአፍታ።

ከአውራ ጣቴ ታንሻለሽ፤ የክብሪት ቀፎ ያስተኛሻል፤
ድፍን ብር በሚዛን ይበልጥሻል።
ድምፅሽን ትወረውሪያለሽ፣ ጆሯችን የማይደርሰው፣
ግድግዳው፣ የልብስ ገመዱ፣ የትንኟ ክንፍ «አለሁ» ብሎ የሚመልሰው።
እኔ ሦስት ዓመት በዚህ ፎቅ፣ ከስንት በር ፊት ተጣርቼ፣
«አለሁ» የሚል ሳልሰማ ተኝቻለሁ በሬን ዘግቼ።

ሶስና ግን ትሰማለች፤ አልጋዋ ግድግዳውን ተደግፏል።
«እማ፣ ግድግዳው ያንሾካሽካል፤
ዛሬ ደግሞ የሚያለቅስ ሕፃን አለ፤ ርቦታል።»

ወርጄ ኦቦ ዲንሳን ጠየቅኳቸው።
ባትሪያቸውን አጠፉ፤ ሽቅብ አዩ።
«ሲምቢራ ሀልከኒ ናት» አሉኝ። «ይሄ አንቺ የቆምሽበት
የሽምብራ ማሳ ነበር፤ እዚያ መኪናው ጋ ነበር ቤቴ፤
ከክዳኑ ሣር ሥር ታድራለች፤ አያስነካትም ነበር አባቴ።
የሽምብራ ትል እናቱ በሌሊት የምትበር ብራቢሮ ናት፤
አድራሻዋን የምታውቀው ይቺ ናት።
አሁን ወልዳለች። ግልገሏ ገና አይበርም።
የሚደፍን ሰው ይህን አውቆ ይድፈን።»
ከዚያ ዝም አሉ።
ማሳው የት እንደሄደ እሳቸውም አላነሱ፣ እኔም አልጠየቅኩ።

ገባሁ። ሻማ ለኮስኩ።
እስከዚያች ሌሊት ሰው ያላለውን ጽፌ አላውቅም።
«ተራ ቁጥር ሦስት፦ ልዩ ልዩ። ውይይቱ አልተቋጨም፤
ለሚቀጥለው ስብሰባ ተላልፏል» አልኩ።
ማኅተሙን እፍ ብዬ አሳረፍኩ።

ማክሰኞ ሙራድ መጣ፤ መሰላል፣ ባልዲ፣ ግማሽ ከረጢት ሲሚንቶ።
አነበበ። ገጹን ወደ ብርሃን አዞረ።
«ማኅተም ካለውማ» አለ፤ ሄደ መሰላሉን አንስቶ።

ቀጣዩ ስብሰባ ከሦስት ወር በኋላ ነው፤
ያኔ ልጅሽ ትንኝ ታሳድዳለች፤
ያኔ ይደፈን ቢሉም፣ ቢያንስ በር ታውቃለች።

ዛሬ ደብተሩን ሳገላብጥ
ሁለተኛው ተራ ላይ ዓይኔ አረፈ፤
በዚያው ሰማያዊ እስክሪብቶ፣ በዚያው በእኔ እጅ ጽሑፍ፦
«የኦቦ ዲንሳ ጭማሪ ለሚቀጥለው ተላለፈ።»

ይሄኛው እውነት ነው። አልዋሸሁም።
ማኅተሙ ግን ያን ሌሊት እጄ ላይ ነበር።