የጥጋቡ ሚዛን

ክፉ ቀን አልፎ ነው እናቴ የወለደችኝ፣
ማሽላው ጎተራ ሲገባ አይታ «ጥጋቡ» ያለችኝ።
«ይጥገብ» ማለቷ ነበር፤ «ይስባ» አላለችም፤
አስራ ስድስት ዓመት ባጃጅ ላይ ይቀመጣል ብላ አልጠረጠረችም።

ከአዘዞ ፒያሳ፣ ከፒያሳ ማራኪ፣
ቀን ሙሉ ተቀምጬ የሰው እግር ተኪ፣
ሆዴ መሪው ደርሶ በየጉብታው አንኳኪ፤
ሰፈሩን ሳይጨምር፣ አልነበረም በኔ አንድ ነገር ማራኪ።

ሰው ግን «ተመችቶሃል!» ይላሉ፣
እንደ ሰንጋ ገዢ ጎኔን ዳበስ አርገው፣ ስቀው ያልፋሉ።

ሐኪሟ አልሳቀችም። ክንዴን ጠቅልላ፣ ነፍታ፣
ቁጥሩን አየችና ዝም አለች ላንድ አፍታ።
«ስኳሩ ከደጅ ነው፣ ግፊቱ ገብቷል ቤት፤
ጨው ቀንስ፣ ቅባት ቀንስ፣ ተነስ ከዚያ ወንበር፣ አንሳ ክብደት።»
«ክብደት ልቀንስ ብዬ ክብደት ላነሳ ነው?» አልኳት፤
ወርቁ ጠፋብኝ፣ ሰሙን ብቻ ይዤ ተሰናበትኳት።

ከጋራዡ ጀርባ አንድ ቆርቆሮ ቤት አለ።
ማስተዋል የምትባል ልጅ፣
በወተት ዱቄት ጣሳ ሲሚንቶ አብኩታ፣
የውሃ ቧንቧ ቁራጭ ግራና ቀኝ ሰክታ፣
ብረት ቢወደድባት የራሷን ሠርታለች።
አንዱ ጣሳ ካንዱ በሁለት መቶ ግራም ከበድ እንደሚል ታውቃለች፤
«አቀያይረህ አንሳ፣ የሰውም ትከሻው እኩል አይደለም» ትላለች።

የመጀመሪያ ቀን፣ ቁጭ ብድግ አስር ጊዜ፤
አስራ አንደኛው ላይ ቀረሁ እዚያው ተጎልቼ በትካዜ።
ጎረምሶቹ ሳቁ። እሷ ጎኔ ተንበረከከች፤
«ሞተሩ ሲጠፋብህ ምን ታደርጋለህ?» ብላ ጠየቀች።
«እገፋዋለሁ።»
«እንግዲያው ወለሉን እንደዚያው አድርገህ ግፋው፤
ዛሬ ባይነሳልህ፣ ነገ ነው ተስፋው።»

በማግስቱ እጄ ክላች አልይዝ አለ፤
ከግንቡ በር ቆሜ እንግዳ ስጠብቅ፣ ጭኔ እንደ ፍም ሲቃጠል ዋለ።
ሐሙስ ተመለስኩ።

ከዚያ ስለ ሳህን። እኔ የጠበቅኩት ሌላ ዓይነት ምግብ፣
ስሙን የማልጠራው፣ ባሕር ተሻግሮ የሚመጣ፣ በልተውት የማይጠገብ።
እሷ ግን፦ «ሽንብራ፣ ባቄላ፣ ምስር፣ ጎመን፣
እንቁላል በፍስኩ፣ አሹቅ በጾም ዘመን፤
ለስላሳውን ተው፣ ሻዩን ያለ ስኳር፤
ሥጋ ቤት ስትገባ ጮማውን ለሌላ፣ ቢራውን ለወዳጅ ማካፈልን ተማር።»

ባለቤቴ ባንቺአምላክ የተረፈውን አይታ ደነገጠች፤
«ሌላ ቤት በልተሃል?» ብላ አፈጠጠች።
ማልኩላት። አላመነችም። ደግሞስ «በሞቴ» ያለችው ጉርሻ እንዴት ትመለሳለች?
ማስተዋል ደብተሯ ላይ «ጉርሻ፣ አንድ» ብላ ጽፋታለች።

ሰኔ ሲገባ ቀበቶዬ አዲስ ቀዳዳ ጠየቀኝ፤
ሚስማር አግዬ በሳሁት። ያኔ ነው ሰፈሩ ያስጨነቀኝ፦
«ከሳህ! ምን ነካህ? ታመሃል? ጸበል ሞክረሃል?»
አንዷ እናት ጭራሽ ወደ ጥግ ወስደው፣ «ልጄ፣ ብር ቸግሮሃል?»
ታምሜ ስወፍር «ተመችቶሃል» ነበር፤
ድኜ ስከሳ ለቅሶ ሊደርሱ መጡ፤ ይገርማል የዚህ አገር ነገር።

ትናንት ማታ ዝናብ። የሳሙና በር ዳገት። ሞተሩ አልነሳ አለ።
ከኋላ አንዲት ባልቴት፣ ግማሽ ኩንታል ጤፍ፤ ሌላ ሰው የለ።
«ልውረድልህ?» አሉኝ። «ይቀመጡ» አልኩኝ፤
ወለሉን እንደምገፋው ገፋሁት፤ ትንፋሼ አብሮኝ ወጣ፣ ጥሎኝ አልሄደብኝ።

ከዳገቱ ጫፍ ላይ ሞተሩ ተነሳ፣ ማንም ሳይለምነው፤
እሳቸው ነጠላ እየጨመቁ፣ «ኧረ ልጄ» አሉኝ፣ «ይሄስ ጥጋብ ነው!»

«ስሜ ነው» አልኳቸው፣
«እናቴ ያወጣችው።»