ክብ መሥሪያ

ከባቲ ተነሣን፣ የሰኞ ገበያ እንደተበተነ፤
አውቶቡሱ ሞልቶ፣ በርበሬና ላብ ባንድ ላይ ታፈነ።
እኔ በመስኮቱ፣ እሱ ከኔ ጎን ነው፤
በጉልበቱ መሀል፣ በጨርቅ የጠቀለለው
ረጅም ዕቃ አለ፣
እንደታመመ ልጅ ደግፎ የያዘው።

ረዳቱ ሒሳቡን ሊሰበስብ መጣ፣
"ከግመልህ ላይ መቼ ወረድክ አንተ?" ብሎ ሳቅ አመጣ።
ሰው ሳቀ። እኔም ጥርሴን አሳየሁ፤
ሙሉ ሳቅ አልነበር፤ ግን አሳየሁ።

"ግመል የአባቴ ነበር፣ ድርቅ ነው የጨረሰው"
አለና ዝርዝሩን ቆጥሮ ሰጠው።
አማርኛው ከኔ ይጠራል፤
እኔ የዋጥኩትን ፊደል እሱ ያወጣዋል።

ኮምቦልቻ ኬላ፣ ገመዱ ጋ ቆምን።
ፖሊሱ አንድ እግሩን ደረጃው ላይ ሰቅሎ
ባይኑ ወንበር ቆጠረ፣ ሁላችንን ዘለለን፤
"አንተ፣ ውረድ" አለ፣ እሱን ብቻ ነጥሎ።

ሌላ ማን ወረደ?
ጆንያ ሙሉ ጫት ጣሪያው ላይ የጫነው አልወረደም፤
ሁለት አዲስ ማጭድ እግሯ ሥር ያስተኛች
እትዬ ሉባባ፣ እሷም አልወረደች።

"ጊሌህን አውጣ!"
"ጊሌ የለኝም።"
"አፋር ሆነህ ጊሌ የለህም?"
"መምህር ነኝ፤ ሒሳብ ነው የማስተምር።"
"ሒሳብ! የፍየል ቆጠራ?"
ሳቁ በመስኮት ገብቶ ከወንበር ወንበር ይዞር ጀመር።

ጨርቁ ተፈታ።
ከእንጨት የተሠራ፣ ባለ ሁለት እግር፤
አንዱ ጠመኔ፣ አንዱ ምስማር የነከሰ፣
የሰሌዳ ኮምፓስ፣ ቁመቱ ክንዴን የሚያህል።
"ክብ መሥሪያ ነው" አለ።
ፖሊሱ ምስማሩን ባውራ ጣቱ ዳሰሰ፣
"ስለት ነው" ብሎ ወስዶ ጥበቃ ቤት አደረሰ።

ባዶውን ጨርቅ ይዞ ተመለሰ።
አራቱን ማዕዘን አገጣጥሞ አጠፈ፤
ደግሞ አጠፈ፤
አንዱም ጠርዝ ካንዱ አላለፈ።

እኔኮ አውቀዋለሁ ይሄን።
መርካቶ፣ ቆርቆሮ ተራ፣ በሃያ ዓመቴ፣
ምሳ በቀረበ ቁጥር ይጮህ ነበር ጌታዬ፦
"ወሎዬው መጣ፣ ሳህኑን ደብቁ!"
ሰባ ሰባት አሉኝ፤ እናቴ ያወጣችውን ስም ሳይጠይቁ።
የተወለድኩት በጥጋብ ዓመት ነው ብል ማን ሊሰማኝ?
ወፍራም ነበርኩ፣ እሱም አልረዳኝ፤
"ተርቦ የኖረ ነው እንዲህ የሚወፍር" አሉኝ።

ይሄን ሁሉ አውቄ፣
እሱ ተራቁቶ ሲፈተሽ፣ አንገቴን ጠምዝዤ
ቦርከናን አየሁ።
ምን ነበረው ቦርከና? ምንም።
ውሃው እንኳ ያን ቀን ከቁርጭምጭሚት አያልፍም።

ሐረጎን ስንወጣ ጉም ወረደብን።
"ስምህን ማን ልበል?" አልኩት፣ ዘግይቶ የመጣ ጨዋነት።
"አይዳሂስ።"
"አይዳ... ማን?"
"ሂስ" አለ፣ ቀስ ብሎ፣
ለስንተኛ ጊዜ እንደሆነ አንድ አላህ ያውቃል፣ ታግሦ።
ቧንቧ ውሃ ጋ ወረደ። ጨርቁን በብብቱ ይዟል።

ሁለት ሳምንት አለፈ።
ልጄ ፊርዶስ ከትምህርት ቤት መጥታ ታወራለች፦
"አዲሱ የሒሳብ ቲቸር ክብ በሲባጎ ሠሩ!
አንዱን ጫፍ በጣታቸው ሰሌዳው ላይ ጫኑ፣
ባንዱ ጫፍ ጠመኔ አስረው ዙሪያውን አዞሩ፤
አንድም ቦታ አልተጣመመም።
'ኮምፓስ የለዎትም?' ብንላቸው
'ነበረኝ፤ ኮምቦልቻ ረሳሁት' አሉ።"

ረሳሁት።

"አባዬ፣ ይሄን የሚያህል ዕቃ ሰው እንዴት ይረሳል?"
ብላ እጆቿን ዘርግታ ለካችልኝ፤
አላበዛችውም።
ልክ ያንን ያህላል።